ጃፓናዊቷ ምን አለች?

በእኛ አገር ጋብቻ ሲታሰብ የማይጠየቅ ሰው የለም። አጎት ይጠየቃል፣ የንስሐ አባት ይጠየቃል፣ ዘር ተቆጥሮ ሰባት ቤት ሲደርስ በሕይወት የሌሉትም የተጠየቁ ያህል ነው። ሙሽሪት ግን ሥራ ይበዛባታል ተብሎ ይሁን እንጃ፣ ትታለፋለች። አባቴን እንዳትቀየሙብኝ፤ ሸጋ ሰው ነው። እሱም ያደረገው ሲደረግ ያየውን ነው።

ጎንደር የመጨረሻ ዓመት ተማሪ ሳለሁ ሊያየኝ ከኮሶዬ መጣ። ዳባት ላለ ወዳጁ ልጅ ሊድረኝ ቃል መስጠቱን እናቴ በስልክ አስቀድማ ሹክ ብላኛለች። ወሬው እንዳይነሣ ብዬ ከመናኸሪያው በቀጥታ ፊልም በነጻ ወደሚታይበት አዳራሽ ወሰድኩት። ፊልሙ የጃፓን ነው፤ የድሮ፣ ድምፅ የሌለው። ጽሑፍ ብቅ ባለ ቁጥር አንድ መምህር ከፊት ቆሞ በአማርኛ ያነብልናል። ዘዴኛ ነኝ ብዬ ነበር። ለካስ ታሪኩ ሌላ እየወደደች አባቷ ለመረጠላት ሰው ልትዳር ስለሆነች ልጅ ኖሯል!

አባትየው «ቃል ሰጥቻለሁ» አላት፤ መምህሩ አነበበ። ልጅቷ ቀና ብላ ብዙ ተናገረች። ከንፈሯ ይንቀሳቀሳል፣ እንባዋ ይወርዳል፤ ጽሑፍ ግን አልመጣም።

አባቴ ጋቢውን ሰብስቦ ተነሣ።

«ምን አለች?»

«አልተጻፈም፣ አባቴ» አለ መምህሩ።

«ምነው? የሱ ተጽፎ የሷ ሳይጻፍ?»

አዳራሹ ሳቀ። አባቴ አልሳቀም። ቁጭ አለና ፊልሙን ትቶ እስኪያልቅ ድረስ እኔን ሲያይ ቆየ።

ስንወጣ፣ መንገዱ ላይ ቆም ብሎ «አንቺስ ምን ትያለሽ?» አለኝ። ሳምንት ሙሉ ያጠናሁት ንግግር ነበረኝ፤ ስለ ትምህርት፣ ስለ ዘመን፣ ስለ መብት። ሁሉም ጠፋኝ።

«አልፈልግም፣ አባዬ።»

«እሺ» አለ። አባቴ በሬ ልሽጥ ብሎ ቃል ከሰጠ፣ የተሻለ ገዥ ቢመጣ ፊቱን የሚያዞርበት ሰው ነው። እንዲህ ያለ ሰው ነው እንግዲህ በሦስተኛው ቀን ሁለት ሽማግሌ ይዞ፣ ሊዋረድ ተዘጋጅቶ፣ ዳባት የሄደው።

ከሰዓት በኋላ ደወለልኝ፤ ሳቁ አላናግር ብሎታል። ይቅርታውን ሳይጨርስ ወዳጁ አቅፎ ስሞታል፦ «ተመስገን፣ አያ ታከለ! ልጁ ሌላ አለችኝ ብሎ አስቸግሮን፣ በምን ዓይናችን እናየዋለን እያልን ነው የሰነበትን!»

ዛሬ ልጁም እኔም በየፊናችን አግብተናል። ታሪኩ በተነሣ ቁጥር ሰው ይስቃል፣ አባቴም ይስቃል። እኔም እስቃለሁ። የማመሰግነው ግን ዳባት ላይ እቅፍ እንደሚጠብቀው ሳያውቅ ያለኝን ያን አንድ «እሺ» ነው።