ታህቱ ይስማማ

ሰው በተሰበሰበበት ሁሉ፣ ማንም ሳይጠራው ስሌት የሚያርም አንድ ሰው አይጠፋም። ለእኛ ለመንዝ መሐል ሜዳ ሰዎች የደረሱን ሊቀ ክፍልፋይ አፈወርቅ ናቸው። ማዕረጉን የሰጠናቸው እኛው፣ ሒሳብ ያስተማሩን ልጆች ነን። ጡረታ ከወጡም በኋላ አልማሩንም። እኔን ደግሞ አንድም ቀን "ልክ ነህ" ብለውኝ አያውቁም።

"መጀመሪያ ታህቱ ይስማማ!" ይላሉ ጣታቸውን ቀስረው። ታህት የክፍልፋይ የታችኛው ቁጥር መሆኑን በመንዝ የማያውቅ በግ እንኳ የለም። አንዱ ገበያ ላይ "የማሳዬን ሲሶ ገብስ፣ እርቦውን ባቄላ ዘራሁበት፤ ገና ግማሽ አልሞላም" ያለ እንደሆነ ጉድ ፈላ። "ከአሥራ ሁለት ሰባት ነው! ከግማሽ አልፈሃል!" ብለው መሬት ላይ ያሰሉለታል።

አንድ ጊዜ ሊፋቱ የነበሩ ባልና ሚስት ለሽምግልና መምህሩ ቤት ሄዱ። "አንተ በሲሶ ትናገራለህ፣ እሷ በእርቦ ትመልሳለች፤ ታህታችሁ ሳይስማማ እንዴት ትደመራላችሁ?" አሏቸው። ሰዎቹ ከትምህርቱ ለመገላገል ሲሉ ታረቁ። የመምህሩ ባለቤት ወይዘሮ ይመኙሻል ከጓዳ "አንተ ሰው፣ ልቀቃቸውና ምሳ ይብሉ!" አሉ። ሊቁን የሚያስቆም ሰው እሳቸው ብቻ ነበሩ።

ዘንድሮ ሁዳዴ ሲጋመስ ወይዘሮ ይመኙሻል አረፉ። መምህሩም በራቸውን ዘጉ። ሰፈሩ እንዳሻው ይሳሳታል፣ የሚቆጣ ግን የለም። ደስ ሊለን ሲገባ ከፋን። እኔማ ፈራሁ፤ በሐዘን በሩን ዘግቶ እንደዚያው የቀረ ሰው አውቃለሁ።

የፋሲካ ለት የቅርጫውን በሬ ሆን ብለን ከአጥራቸው ጎን አረድነው። ሥጋው በየመደቡ ሲደለደል የሳቸውም እንደ ወትሮው ወጣ። ያን ጊዜ ጎረቤታችን ዱባለ፣ እንደተመካከርነው፣ ድምፁን ከፍ አደረገ።

"የኔ ግማሽ መደብ ነው፣ የወንድሜ ሲሶ። አንድና አንድ ሁለት፣ ሁለትና ሦስት አምስት። ሁለት አምስተኛ ስጡኝ!"

"ልክ ብለሃል!" አልነው ሁላችንም እየጮህን።

በሩ ተከፈተ። ጋቢያቸውን እየጎተቱ ወጡ፤ በጣም ከስተዋል።

"አንተ ደንቆሮ! ግማሽ ላይ ሲሶ ተጨምሮ ከግማሽ ያንሳል? መጀመሪያ ታህቱ ይስማማ! ከስድስት አምስት ነው!"

 

ከዚያ የራሳቸውን መደብ አዩት። "ይሄ የሁለታችን ነበር" አሉ ቀስ ብለው። "ግማሹን ቀንሱልኝ።"

ቢላዋውን የያዝኩት እኔ ነበርኩ። መልሼ አስቀመጥኩት።

"ጋሼ፣ ከአንድ ላይ ግማሽ ሲቀነስ አንድ ነው" አልኳቸው።

ጣታቸው ተነሣች። ተመልሳም ጋቢው ውስጥ ገባች።

"ልክ ነህ" አሉኝ።