ባና የለበሰው ጭራቅ

የበልጉ ዝናብ ቀረ። የክረምቱ መጣና በነሐሴ አጋማሽ ተቋረጠ። ገብሱ ሳያፈራ ደረቀ። በሁለተኛው ዓመት የዘራም ያልዘራም እኩል ሆነ። በሦስተኛው ዓመት በቅሎዎች አለቁ። የሰቆጣ ዙሪያ ሰው እህል ፍለጋ ወደ አበርገሌ ወረደ፤ የአበርገሌው ደግሞ እህል ፍለጋ ወደ ሰቆጣ ወጣ። መንገድ ላይ ተገናኝተው፣ ሰላምታ ተለዋውጠው ተላለፉ።

በዚህ ሁሉ መካከል፣ ስሙ ባይነሳ የሚሻለው መሥሪያ ቤት አንድ ቀን እንኳ ሥራ አላቋረጠም። ሹሙ ቀኛዝማች ምንዋጋው “ሕዝቡ ተርቧል” የሚል ደብዳቤ ሦስት ጊዜ ወደ በላይ አስጽፈዋል። ለመጀመሪያው “ይጣራ” የሚል መልስ መጣ። ለሁለተኛው “ተጣርቶ ይቅረብ” ተባለ። ለሦስተኛው “ተጣርቶ የቀረበው እንደገና ይጣራ” ተባለ። በአገሩ እንደዚያ ጥርት ያለ ረሃብ ታይቶ አይታወቅም።

ደብዳቤዎቹን የጻፈው ገብረ ኪዳን ነው። የቤተ ክህነት ተማሪ የነበረ፣ ጽሕፈቱ ያማረ፣ አንድ ፊደል የማይስት ጸሐፊ ነበር። ሆኖም አንገቱን ያስደፋው ነገር ነበረው። ከጎረቤቱ ከእትዬ ወለተ ሐና ሁለት ቁና የዘር ገብስ ከተበደረ ሦስት ዓመት ሆኖታል። እትዬ ወለተ ሐና ከበግ ጠጉር ባና የሚሠሩ ባልቴት ናቸው። ብድራቸውን አንድ ቀን አልጠየቁትም። ቤተ ክርስቲያን ደጅ ሲያገኙት “ደኅና ከረምህ?” ይሉታል፤ እሱ ግን የሚጠይቀው ገብሱ እየመሰለው መሬት መሬት ያያል። ዘንድሮ ማሳቸው ታርሶ ዘር አጣ። እስከ ሰኔ ማለቂያ ካልተዘራ ቤታቸውን ዘግተው ወደ ቆላ ሊወርዱ ነው። በእሳቸው ዕድሜ ወርዶ የተመለሰ የለም።

በግንቦት ከበላይ ርኅራኄ ወረደ። ሕዝቡ እህሉን ከነቀዝ መጠበቅን እንዲማር ሲኒማ የሚያሳይ መኪና ተላከለት። ነቀዙ ራሱ በረሃብ ካለቀ ሁለት ዓመቱ ነበር፤ ቢሆንም ትምህርት አይናቅም። ለዓይን ያዝ ሲያደርግ አቡጀዲ ተወጠረ፣ ሞተሩ ተነሣ፣ ሕዝቡ መሬት ላይ ተቀመጠ። ቀኛዝማች ከፊት ወንበር ያዙ።

ከፊልሙ ቆርቆሮ የወጣው ግን ሌላ ፊልም ነው። የሲኒማው ባለሙያ ስሕተቱን ወዲያው አወቀ፤ ነገር ግን “አሳይ” እንጂ “አቁም” የሚል ትእዛዝ ስላልነበረው አሳየ። ከከዋክብት የወረደ፣ እግሩ የበዛ፣ ዓይኑ የፈጠጠ ጭራቅ ሰውን ከነልብሱ ይበላል። የፊልሙ ፈረንጆች የሚናገሩትን የሚሰማ አልነበረም፤ ጩኸታቸው ግን ትርጓሜ አላስፈለገውም። ሁሉም ጥቁርና ነጭ ነው። ሰማዩ ጠብታ የለውም፣ መሬቱ አመድ ነው። ብዙ ሰው የገዛ አገሩ መስሎት አዘነ። ቀኛዝማች ወንበራቸውን ሦስት ጊዜ ወደ ኋላ ሳቡ፤ ለሕዝቡ ቦታ ለመልቀቅ ነው ተባለ።

እትዬ ወለተ ሐና ወደ ገብረ ኪዳን ጠጋ አሉ።

“ባና ነው” አሉት።

“ምኑ?”

“ጭራቁ። ብብቱ ሥር ስፌቱ ተተርትሯል። ሰፊው ቸኩሏል። ውስጡ ያለውም የራበው ሰው ነው። አረማመዱን አላየህም? ጉልበቱ ይከዳዋል።”

በማግስቱ ሕዝቡ ከሲኒማው ምን እንደ ተማረ ሪፖርት ማድረግ ግዴታ ነበር። ቀኛዝማች እየተንጎራደዱ አስጻፉ። “በሲኒማው ከሰማይ የወረደ ጭራቅ መጥቶ ሰውና እህል ሲያጠፋ ሕዝቡ በዓይኑ አይቷል።” በሦስት ዓመት አንድ ፊደል ያልሳተው ገብረ ኪዳን፣ “በሲኒማው” የምትለዋን ቃል ዘለላት። ምናልባት ቀለም አንሶት ይሆናል። ቀኛዝማችም እንደ ወትሯቸው ሳያነቡ ፈረሙ። መተማመን ማለት ይህ ነው።

በዘጠነኛው ቀን መልስ መጣ። “ይጣራ” የሚል ቃል አልነበረበትም። “ጭራቁን የሚመክት ጦር ባስቸኳይ ይሰለፍ። ለጦሩ በቅሎዎች ቀለብ መቶ ሃያ ኩንታል ገብስ ተልኳል። ሰዎቹ ስንቃቸውን ራሳቸው ይቻሉ” ይላል።

ቀኛዝማች ደብዳቤውን አገላብጠው አዩት።

“የምን ጭራቅ ነው?”

“በግንቦት ያየነው ነው፣ ጌታዬ።”

“አይተነዋል?”

“እርስዎማ ከፊት ነበሩ።”

ቀኛዝማች ያን ማታ አስታወሱና ለመካድ ድፍረት አጡ። “ይሁን። በቅሎ ግን ከየት እናመጣለን?”

“ሰው አለን፣ ጌታዬ።”

“ሰው በቅሎ ነው?”

“ሰው ተራበ ስንል ይጣራ ይሉናል። በቅሎ ግን አይጣራም።”

ቀኛዝማች በመስኮት ወደ ገበያው ቦታ ሲያዩ ቆዩ። ገበያ ከቀረ ሁለት ዓመቱ ነው። “ጻፍ” አሉ በመጨረሻ።

እንዲህ ሆኖ የሰቆጣ ሕዝብ፣ ቄሱም ገበሬውም፣ በየመልኩና በየዕድሜው በበቅሎ መዝገብ ገባ። ለእያንዳንዱ በቅሎ ሦስት ቁና ደረሰው። ሰኔ ሊወጣ አምስት ቀን ሲቀረው ገብረ ኪዳን ከድርሻው ሁለት ቁናውን ተሸክሞ የእትዬ ወለተ ሐናን ደጅ አንኳኳ።

አንዷን ፍሬ በጥርሳቸው ሰበሩና ቀመሷት። “ይበቅላል” አሉ። “እኔን ምን ብለህ ጻፍኸኝ?”

“ዳማ በቅሎ፣ ጤናማ።”

“ዕድሜዬስ?”

“ዘጠኝ ዓመት።”

“ጥሩ ጸሐፊ ነህ።”

ቁናቸውን አወጡና ሰፈሩ። በመዳፋቸው አፉን ላጉት፤ አንድ ጊዜ፣ ሁለት ጊዜ። አንድ እፍኝ ተረፈች። እሷን ዘግነው እጁ ላይ መለሱለት።

“የሰጠሁህ ሁለት ቁና ነበር፤ ተመልሷል። ይቺን ለባለ ባናው አድርስልኝ። እሱም ቢሆን ጭራቅ ባይባል ማን ያየው ነበር? ‘ሰው ነኝ፣ ርቦኛል’ ቢል ኖሮ ይጣራ ይሉት ነበር።”