ስሮንን ለማዳን የተቋቋመው ኮሚቴ

የሰው ልጅ ለዓለም ያበረከተው ሁሉ በየፈርጁ ቢመዘገብ፣ ከከተማችን ስም ትይዩ የሚጻፈው አንድ ቃል ነው። ሌሎች ከተሞች ጄኔራል፣ መሐንዲስ፣ ኳስ ተጫዋች አፍርተዋል። እኛ ዘንድ ሄሪንግ የሚባል ዓሣ ነበር፤ ሄደ። ባቡር ነበር፤ ሐዲዱ ተነቀለ። ባንክ ነበር፤ አሁን የውሻ ጠጉር ይከረከምበታል። የቀረን "ስሮን" ነው። የከተማው ምክር ቤት ጸሐፊ ሆኜ ባገለገልኩባቸው ሃያ ሁለት ዓመታት ከዚህ የከበረ የሕዝብ ሀብት በቃለ ጉባኤ አስፍሬ አላውቅም።

ቃሉ የመላው ስኮትላንድ ነው የሚሉ አሉ። እኛ ግን አያቶቻችን እዚሁ ወደቡ ላይ እንደፈጠሩት እናምናለን። ማስረጃ የለንም። ማስረጃ የጠየቀን ሰው ነበር፤ ሁለተኛ አልጋበዝነውም።

ትርጉሙ ብዙ ነው። ነፋስ አጣሞ ያሳደገው ዛፍ ስሮን ነው። ወደ ገበያ ስትሄድም ከገበያ ስትመለስም ፊትህን የሚመታህ ነፋስ ስሮን ነው። እንግዳ የመጣ ቀን አልከፈት የሚል በርም እንዲሁ። ወደ ሰው ሲመጣ ግን ነገሩ ይረቅቃል። ተራ እልኸኛ የሚፈልገው ነገር አለ፤ ያንን እስኪያገኝ ይሟገታል። ስሮን የሆነ ሰው ግን የሚፈልገውን ነገር እጁ ላይ ብታስቀምጥለት፣ ያስቀመጥክለት አንተ ስለሆንክ ብቻ መልሶ ይጥለዋል። ዝናብ መጣ ብትለው ባርኔጣውን ያወልቃል።

ባለፈው መጋቢት ከኤዲንብራ፣ መዝገበ ቃላት ከሚያዘጋጅ አንድ ቤት ደብዳቤ ደረሰን። በአክብሮት እንዳስታወቁን፣ ቃላችንን ከሕያው አንደበት የሰማ ሰው ከጠፋ ቆይቷል፤ ስለዚህ በአዲሱ እትም ከጎኑ የመስቀል ምልክት ተደርጎበት ከሙታን ጋር ይመደባል። ይሁን እንጂ ለመጨረሻ ጊዜ አጣሪ ይላካል። አጣሪዋ ዶክተር ሺና ላሞንት በመጪው ሳምንት ሐሙስ ከረፋዱ አምስት ሰዓት በሚገባው አውቶቡስ መጥተው፣ ቃሉን ከአንድ የከተማው ተወላጅ አፍ ከሰሙ ቃሉ ይተርፋል። ሦስት ቅድመ ሁኔታዎች አሉ። ተናጋሪው ሳይጠየቅ፣ ሳይለመን፣ ቃሉም በፊቱ ሳይጠራ መናገር አለበት።

ሊቀ መንበራችን ሄክተር ማች ወዲያው አስቸኳይ ስብሰባ ጠሩ። ሄክተር አርባ ዓመት ሥጋ ሲሸጡ ኖረው ጡረታ የወጡ፣ አንድ ጊዜ የወሰኑትን ውሳኔ ለመለወጥ የሚያስችል አጥንት ያልተፈጠረላቸው ታላቅ ሰው ናቸው። "ይህ ቃል የሞተ እንደሆነ ምን ሆነን እንቀራለን?" ሲሉ ጠየቁ። ጥያቄው ከባድ ስለሆነ ቃል አዳኝ ኮሚቴ ተቋቋመ።

የኮሚቴው የመጀመሪያ ተግባር ራሳችንን መፈተሽ ነበር። ዘጠኝ አባላት ነን። ሻይ እየጠጣን ተራ በተራ ቃሉን በወሬ መሃል እንደ ዋዛ ጣል ለማድረግ ሞከርን። መረብ ጠጋኙ ጆክ ስለ አየሩ ጀመረና ቃሉ ጋ ሲደርስ ዓይኑን ጨፈነ። ሌላው ቃሉን ተናግሮ እንደ ጨረሰ ከመቀመጫው ተነስቶ እጅ ነሳ። ሄክተር ራሳቸው ሦስት ጊዜ ሞክረው ሦስቱንም ጊዜ ንግግር አስመሰሉት። አፋችን ቃሉን ከረሳው ሠላሳ ዓመት አልፎታል።

በከተማው ውስጥ ሳያስብ የሚናገረው ሰው አንድ ብቻ እንደሆነ ሁላችንም እናውቃለን። ስማቸውን ለመጥራት ግን ማንም አልደፈረም። ምክንያቱ የአውቶቡስ ማቆሚያ ነው።

ማቆሚያው አርባ ዓመት ሙሉ ከወይዘሮ ኤልስፔት ጌዲስ አጥር በር ፊት ለፊት ነበር። ከሦስት ዓመት በፊት ለውሃ ቧንቧ መንገዱ ሲቆፈር፣ ምክር ቤቱ ለጊዜው ብሎ ምሰሶውን ወደ ኮረብታው አናት፣ ወደ መቃብር ስፍራው በር ወሰደው። ቧንቧው በሁለት ሳምንት ተቀበረ። ሄክተርም ማቆሚያውን ሊመልሱ አስበው ነበር፤ ይህን ቃለ ጉባኤው ይመሰክራል። ዳሩ ግን አንድ ቀን ቀድመው ወይዘሮ ኤልስፔት መጡና ይመለስልኝ አሉ። ከተጠየቁ በኋላ መመለስ ደግሞ መሸነፍ ሆነ። ምሰሶው እዚያው ቀረ።

ወይዘሮ ኤልስፔት ሰማንያ አራት ዓመታቸው ነው። እህታቸው ጂን በጎረቤት ከተማ መጦሪያ ቤት ይኖራሉ። ጂን ሰው መለየት ካቆሙ ቆይተዋል፤ የእህታቸውን የአጃ ቂጣ ግን ከቅርጫት ሳይወጣ በጠረኑ ያውቁታል፤ ያኔ ብቻ ፈገግ ይላሉ። ስለዚህ ኤልስፔት በየሐሙሱ ቂጣቸውን ይዘው በአውቶቡስ ይጠይቋቸዋል፤ ቀርተው አያውቁም። አንድ ጉልበታቸው አይታጠፍም። መንገድ ዳር ባሉት ሁለት የድንጋይ ካቦች ላይ እያረፉ ኮረብታውን ይወጣሉ። የቢሮዬ መስኮት ወደ ኮረብታው ነው የሚያሳየው። በየሐሙሱ አያቸውና ወደ ወረቀቴ አቀረቅር ነበር። አፍሬ ነው።

በሦስት ዓመት ውስጥ አሥራ አንድ ጊዜ ምክር ቤቱ ፊት ቀርበው፣ አሥራ አንድ ጊዜ ሊቀ መንበሩን ስሮን ብለዋቸዋል። እኔም በየጊዜው "ነዋሪዋ አስተያየት ሰጥተዋል" ብዬ መዝግቤአለሁ።

ምርጫ ስላልነበረን ሄክተርና እኔ ቤታቸው ሄድን። ኤልስፔት በትምህርት ቤት ሾርባ ቀጂ በነበሩበት ዘመን ያኔ ተማሪ የነበረውን ሄክተርን እጁን በጭልፋ የመቱ ሴት ናቸው፤ ሊቀ መንበሩ በዚያ ቤት ደጃፍ ሲደርሱ እስከ ዛሬ እጃቸውን ኪሳቸው ይከታሉ።

"ወይዘሮ ኤልስፔት፣ ሐሙስ ዕለት አንዲት እንግዳ ትመጣለች፤ እንደ ወትሮዎ እንዲናገሩልን ፈልገን ነው" አሉ ሄክተር።

"እንደ ወትሮዬ ምን ብዬ?"

"ያንን ቃል።"

"የትኛውን ቃል?"

ሄክተር ወደ እኔ ዞሩ። ቃሉን በፊታቸው መጥራት ክልክል መሆኑን በዓይኔ አሳሰብኳቸው። "ያ... በርዎን የሚሉት። ዶሮዎን የሚሉት። እ... እኔን የሚሉኝ።"

"አንተን የምልህ ብዙ ነው ሄክተር። እስከ ማታ ብንቆጥረው አያልቅም።"

"ለከተማው ሲሉ እኮ ነው።"

"ከተማው አፌን ለምን ፈለገው? ተናገሪ ሲሉኝ የምናገር በቀቀን ነኝ?" ብለው በሩን ዘጉት። በሩ ግን እንደ ልማዱ መሃል ላይ ተቀረቀረ። ትንፋሻችንን ዋጥን፤ ምክንያቱም ቃሉን ሁልጊዜ የሚያወጡት እዚህ ላይ ነው። ወይዘሮ ኤልስፔት በሩን ተመለከቱ፣ እኛን ተመለከቱ፣ አፋቸውን ገጥመው በትከሻቸው ገፉት።

ኮሚቴው ሁለት ቀን ሙሉ ተወያየ። በመጨረሻ ጆክ፣ ሁላችንም ያሰብነውንና ማንም ያልተናገረውን ነገር አነሳ፤ ማቆሚያውን ብንመልስላቸውስ? ሄክተር ፊታቸው እንደ ቀይ ሥር ቀላ። ሆኖም የሕዝብ ጥቅም ከግል ክብር ይበልጣል ብለው ረቡዕ ጠዋት ምሰሶው ከኮረብታው ተነቅሎ ወይዘሮ ኤልስፔት በር ላይ እንዲተከል አዘዙ። አግዳሚ ወንበርና "የወይዘሮ ኤልስፔት ጌዲስ ማቆሚያ" የሚል የነሐስ ሰሌዳም ተጨመረ። ሦስት ዓመት የፈጀው ጉዳይ በሃምሳ ደቂቃ አለቀ። እኛ ዘንድ አንድ ሥራ እጅግ ካማረ "ክፉ አይደለም" ነው የሚባለው፤ ሄክተር ግን ሁለት ጊዜ ደጋገሙት።

ኮሚቴው በዚህ ቢቆም መልካም ነበር። ነገር ግን ትጋት ማቆሚያ የለውም። ለአሮጊቷ ያለንን አክብሮት ለመግለጽ ያንኑ ቀን የአጥር በራቸውን ማጠፊያ ዘይት ቀባነው። የሚቀረቀረውን የቤት በር አናጢ ላገልን። ከግቢ ወጥታ የምታስቸግራቸውን ቡናማ ዶሮ አዲስ ቤት ሠርተን ዘጋንባት። በአንድ ቀን ውስጥ ወይዘሮ ኤልስፔት ስሮን የሚሏቸውን ነገሮች በሙሉ ከምድረ ገጽ አጠፋን። ይህን ያስተዋልኩት ሐሙስ ከረፋዱ አምስት ሰዓት ላይ ነው።

ያን ዕለት ከተማው ግልብጥ ብሎ ወጣ። የከተማው የከረጢት ዋሽንት ነፊ በአየር የተሞላ ከረጢቱን በብብቱ ይዞ ተሰለፈ። አውቶቡሱ መጥቶ አዲሱ ማቆሚያ ላይ ሲቆም ዶክተር ሺና ማስታወሻ ደብተራቸውን ይዘው ወረዱ። ቀጭን፣ ዝምተኛ፣ ጫማቸው ውሃ የሚያስገባ ሴት ናቸው። ወይዘሮ ኤልስፔት ቅርጫታቸውን አንጠልጥለው ወጡ። የቤቱ በር ያለ ድምፅ ተከፈተ። የአጥሩ በር በጣት ተነክቶ ወለል አለ። ዶሮዋ የለችም። ነፋሱ እንኳ በዓመት አንዴ እንደሚያደርገው ጸጥ አለ። ከተማው በሙሉ የአንዲት አሮጊት ከንፈር ያያል።

ወይዘሮ ኤልስፔት ወንበሩን አዩ፣ ሰሌዳውን አነበቡ፣ በሩ የተከፈተውን አውቶቡስ ተመለከቱ። ከዚያ ዞር ብለው ኮረብታውን መውጣት ጀመሩ።

"ወይዘሮ ኤልስፔት" አሉ ሄክተር፣ "አውቶቡሱ እኮ እዚህ ነው።"

"ማቆሚያው ከላይ ኮረብታው ላይ ነው ብለኸኛል፤ ሦስት ዓመት ሙሉ። እዚያ ሄጄ እጠብቃለሁ።"

"አሁን ወደዚህ መጥቷል። ለእርስዎ ብለን ነው እኮ።"

"ለእኔ ብላችሁ?" አሉና እርምጃቸውን ጨመሩ።

ሄክተር ተከተሉ። እኔ ሄክተርን ተከተልኩ። ዶክተር ሺና እኔን፣ አውቶቡሱ ዶክተር ሺናን፣ ነፊው እየነፋ አውቶቡሱን፣ ከተማው ነፊውን። ሊቀ መንበሩ ያንን ኮረብታ በእግራቸው ወጥተውት አያውቁም። መጀመሪያው ካብ ጋ ሲደርሱ ከረባታቸውን ፈቱ፤ እያለከለኩ ስለ ወንበሩ ይለምናሉ። ሁለተኛው ካብ ላይ ዘፍ ብለው ተቀመጡ። ወይዘሮ ኤልስፔት ሳያርፉ አለፏቸው። በዚህ ጊዜ ነው ከሄክተር ማች ሆድ፣ እርስዎ ማለቱም አክብሮቱም ረግፎ፣ ያ ነገር የወጣው።

"ምን ዓይነት ስሮን ሴት ነሽ አንቺ! ስሮን! ከነበቅሎሽ ስሮን!"

በቅሎ አልነበረም፤ ግን ማንም አልተከራከረም። ዶክተር ሺና እርሳሳቸውን በምራቅ አርሰው ጻፉ። ሄክተርን ማንም አልጠየቃቸውም፣ ማንም አልለመናቸውም፣ ቃሉንም ማንም በፊታቸው አልጠራም። ስሮን ተረፈ።

ወይዘሮ ኤልስፔት ምሰሶው ከተነቀለበት ጉድጓድ አጠገብ ቆመው እጃቸውን ዘረጉ፤ አውቶቡሱም ደርሶ ወሰዳቸው። ሾፌሩ ዱጋልድ በመስኮት ብቅ ብሎ የነገረኝን ግን በቃለ ጉባኤ አላሰፈርኩትም። "ሦስት ዓመት ሙሉ በየሐሙሱ በራቸው ላይ ቆሜ ይግቡ ስላቸው ነበር፤ ማቆሚያው ከላይ ነው እያሉ እምቢ ይሉኛል" አለኝ።

አርብ ዕለት ሄክተር፣ ቃሉ ስለዳነ ማበረታቻው አያስፈልግም ብለው ምሰሶውን ወደ ኮረብታው አስመለሱት። ወንበሩ ከባድ ስለነበር ቀረ። በሚቀጥለው ሐሙስ ወይዘሮ ኤልስፔት ምሰሶ በሌለበት በራቸው ላይ፣ በወንበሩ ላይ ተደላድለው ተቀምጠው፣ እጃቸውን ዘርግተው አውቶቡሱን አስቆሙት። ለምን አሁን ብዬ ጠየቅኳቸው።

"አሁን እዚህ ተሳፈሪ ያለኝ የለማ" አሉኝ። ደስ አለኝ፤ መስኮቴንም ከዚያ ቀን ወዲህ ሳላፍር እከፍታለሁ።

በሰኔ ከኤዲንብራ የመጽሐፉ ረቂቅ ደረሰን። "ስሮን፦ ሕያው ቃል። አጠቃቀም፦ የከተማው ሊቀ መንበር፣ የአውቶቡስ ማቆሚያ የጠየቁ የሰማንያ አራት ዓመት አሮጊትን ኮረብታ ላይ እያሳደዱ የተናገሩት" ይላል። ሄክተር ሁለት ጊዜ አነበቡት። ቃል አዳኝ ኮሚቴው ያንኑ ቀን ተሰብስቦ፣ ቃሉ በከተማችን ከሞተ ሠላሳ ዓመት እንዳለፈው፣ ከቶም ማንም እንደማይናገረው በሙሉ ድምፅ ወሰነና ለኤዲንብራ ደብዳቤ አረቀቀ።

ደብዳቤው በዕድሜ የገፋ የአንድ ነዋሪ ምስክርነት ስላስፈለገው ወደ ወይዘሮ ኤልስፔት ወሰድኩት። መነጽራቸውን አድርገው እስከ መጨረሻው አነበቡት። ከዚያ ስለ ደብዳቤው አንድ ጊዜ፣ ስለ ሊቀ መንበሩ አንድ ጊዜ፣ ስለ እኔም አንድ ጊዜ ያንን ቃል ተናገሩ። ከወጣሁ በኋላ ዶሮዋንም ሲሏት ሰማሁ። ወደ ቢሮዬ ተመልሼ በተገቢው ቦታ ላይ "ነዋሪዋ አስተያየት ሰጥተዋል" ብዬ ጻፍኩ።