የወርዋሪው የሕይወት ታሪክ

ቀብር ላይ የሚነበበውን የሕይወት ታሪክ ልብ ብላችሁ ሰምታችሁ ታውቃላችሁ? የሞተ ሁሉ ታታሪ ነው፤ ለቤተሰቡ አሳቢ፣ ለጎረቤቱ ተግባቢ፣ በሥራው ምስጉን። ሰነፍ ሰው ምናልባት አይሞት ይሆናል። እኛ ሰፈር ይህን የሚጽፉልን ጡረተኛው መምህር ጋሽ ታደሰ ናቸው። ከጎጃም መጥተው አርባ ምንጭ ላይ ስንቱን አስተምረዋል፤ አሁን ደግሞ ያስተማሩትን ይሸኛሉ። ጽሑፋቸው አንድ ነው። ስሙን ብቻ ይለውጣሉ።

ባለፈው ወር ተራው የአባቴ ሆነ።

አባቴ ወርዋሪ ነበር። ወደ ምዕራብ ዓባያ በሚወስደው መንገድ ዳር ባለ የሙዝ እርሻ ከዝንጀሮ ጋር ሲሟገት ኖረ። ሌሎቹ ጠባቂዎች ወንጭፍ ይዘው ይጮኻሉ፤ እሱ አይጮኽም፣ ወንጭፍም አይዝም። ድንጋዩን ማለዳ ከወንዝ ዳር ይመርጣል፣ በመዳፉ ያገላብጣል፣ አውራው ዝንጀሮ እስኪመጣ ይጠብቃል። ከዚያ አንድ ይወረውራል። ዝንጀሮውን አይመታም፤ ከዘረጋው እጅ ስንዝር ርቆ ግንዱን ይመታል። የቆሰለ ቂም ይዞ ይመለሳል፣ የደነገጠ ግን ለሌሎቹ ይነግራል ይል ነበር። መንጋው አውራውን ተከትሎ ይሄዳል። የቀኝ ትከሻው አልታዘዝ ሲለው አሠሪዎቹ ሊያሰናብቱት አሰቡ። አባቴ ሁለት ክረምት ሙሉ በግራ እጁ ባዶ ጀሪካን ላይ ሲለማመድ ከረመ። ወደ እርሻው ሲመለስ ዝንጀሮዎቹ መሸሻ ጠፋቸው። እንዲህ ላለው ሰው እናንተ ብትሆኑ ምን ብላችሁ ትጽፉለታላችሁ?

ጋሽ ታደሰ «የጥበቃ ሠራተኛ» ብለው ጻፉ። ወርዋሪ ይባልልኝ ብዬ ለመንኳቸው። የስድስት ወር ልጄ አያቷን የምታውቀው ከእኔ አፍና ከዚያ ወረቀት ብቻ ነው፤ ወረቀቱ እውነቱን ይዞ እንዲቆያት ፈልጌ ነበር። እሳቸው መነጽራቸውን አውልቀው አዩኝ።

«ልጄ፣ ወርዋሪ ሥራ አይደለም። ሰው ይስቅብሃል።»

ሐዘንተኛ ለክርክር አቅም የለውም። ዝም አልኩ። እስካሁን የማፍረው በዚያ ዝምታ ነው።

በማግስቱ መቃብሩ አጠገብ ቆመው ያነባሉ፤ እኔ ልጄን አቅፌ እሰማለሁ። «በጥበቃ ሙያ ለረጅም ዘመን» ሲሉ አንድ ሽማግሌ በዱላቸው ሰው እየከፈሉ ወደ ፊት መጡ። ከአባቴ ጋር እርሻው ላይ ይሠሩ የነበሩት ጋሽ ሻንካ ናቸው፤ ከገረሴ ድረስ ለቀብሩ የመጡ።

«ይቅርታ መምህር፣ የማንን ነው የሚያነቡት? ጥበቃዎቹ እኛ ነበርን። እሱ ሲወረውር እኛ ቁጭ ብለን እናያለን።»

ለቀስተኛው ሳቀ። ጋሽ ታደሰ እንደፈሩት ሳቀ፤ በአባቴ ግን አልነበረም። ከሳቁ ሥር ለቅሶው እንደገና ተነሳ። መምህሩ ወረቀቱን ጉልበታቸው ላይ አስደግፈው ሰረዝ አደረጉና ከመጀመሪያው አነበቡ፤ «አቶ ጋልቾ፣ ወርዋሪ»። ደረቴ ሰፋ። በአባት ቀብር ላይ ደረት ይሰፋል ቢሉኝ አላምንም ነበር።

በሣልስቱ ወረቀቱን በንጹሕ ገልብጠው አመጡልኝ። «ሥራ አይደለም» ያሉትን ግን አላነሱትም።

ባለፈው እሑድ በአጥራቸው በኩል ሳልፍ አየኋቸው። ጓሯቸው ያለው ማንጎ ላይ ጦጣ ወጥታለች። እሳቸው እግራቸው ሥር ድንጋይ ከምረው ይወረውራሉ፤ እሷ ትበላለች። አንዱ ድንጋይ የራሳቸውን ጣሪያ መታ። ሲያዩኝ እጃቸውን ሊደብቁ አሰቡና ተዉት።

«ሥራ ነው» አሉኝ፣ ትከሻቸውን እያሹ።