ወረፋ የያዘው የጥበብ ሥራ

አዲስ አበባ ውስጥ ሰልፍ ያየ ሰው መጀመሪያ ይሰለፋል፤ የምን ሰልፍ እንደሆነ የሚጠይቀው ከኋላው ሌላ ሰው ከቆመ በኋላ ነው። ሠዓሊው ጓደኛዬ ናሆም ይህን የዘነጋ ይመስለኛል።

ናሆም እኛ ሰፈር፣ ቂርቆስ፣ ከጋራ ቧንቧችን ፊት ባዶ ቢጫ ጀሪካኖች ደረደረና «ጥማት» ብሎ ጻፈበት። ዘመናዊ ጥበብ ነው። አንድ የካዛንቺስ ሆቴል ባለቤት አይተው ከወደዱት ለእንግዳ መቀበያቸው ሊገዙት ነበር፤ ለናሆም የመጀመሪያ ሽያጩ። ሰውየውን ሊያመጣ ሲሄድ እኔን ጠባቂ አድርጎ፣ «አንዷም ከቦታዋ እንዳትነቃነቅ» አለኝ። እንደ እኔ ላለ ጥንቁቅ ሰው እንዲህ ያለ አደራ ይሰጣል?

መጀመሪያ ጎረቤታችን እትዬ አስካለ ብቅ አሉ። ጀሪካኖቹን አዩ፤ ቧንቧውን አዩ፤ ተመልሰው የራሳቸውን አምጥተው ከጥበቡ ኋላ አስቀመጡ። «ዛሬ እኮ የእኛ ተራ አይደለም፤ ማን ነገረህ ልጄ?» አሉኝ። ይኼ ለማየት ብቻ ነው አልኳቸው። «እኛስ ስናየው አይደል የኖርነው?» ብለው ለሰፈሩ ሊነግሩ ሄዱ።

ማስረዳት ነበረብኝ። ግን ምን ብዬ? ጥበቡ ለራሴም ስለመግባቱ እርግጠኛ አልነበርኩም። ዝም ባለ አፍ ዝንብ አይገባም ብዬ ቆምኩ። ሰልፉ አስፋልቱ ጋ ሲደርስ አንድ መንገደኛ፣ ዘይት ነው ስኳር ብሎ ጠየቀኝ።

ይኼኔ ቧንቧው ሳል ቢጤ አሰማና ውሃ መጣ። በተራችን ቀን እንኳ የማይመጣው ውሃ።

እዚህ ላይ የቂርቆስን ሕዝብ ፍትሕ ሳላደንቅ አላልፍም፤ ጥበቡን ቀድሞ ሊቀዳ የሞከረ አንድም ሰው የለም። «ቀድሞ የመጣ ይቅዳ» አሉ እትዬ አስካለ። አይቀዳም፣ ጥበብ ነው አልኩ። «እንግዲያው ጥበብህን አንሳልና» አለ ከኋላ አንድ ጎረምሳ፤ «ወረፋ ይዞ አልቀዳም ማለት የምን ጥጋብ ነው?»

አሰብኩበት። ባነሳቸው አደራ በላሁ። ከቧንቧው በውሃ ጎማ ብሞላቸው ግን አንዷም ከቦታዋ አትነቃነቅም። ሞላኋቸው።

ናሆም ከሆቴሉ ባለቤት ጋር ሲደርስ የመጨረሻዋ ላይ ነበርኩ። ሰውየው «ጥማት» የሚለውን አነበቡ፤ ጢም ያሉትን ጀሪካኖች አዩ፤ «ይኼማ ረክቷል» ብለው ወደ መኪናቸው ተመለሱ። ናሆም ሊሰድበኝ ይቅርና ሊያየኝም አልፈለገ።

ማምሻውን ደወለ። የይቅርታ ንግግሬን በልቤ ደጋግሜ ካጠናሁ በኋላ አነሳሁት። ግን አላስጀመረኝም።

«ውሃውን ደፋኸው እንዴ?» አለኝ። አልደፋሁም አልኩት።

«በቃ እንዳትነካው። እኛ ኮንዶሚኒየም ውሃ ከጠፋ ሳምንቱ ነው፤ መጣሁ።»