የመስኮት አራቷ እትዬ ይመለስ

ወረቀት የሚመልስ ሰው የሌለበት መሥሪያ ቤት እስካሁን አልተከፈተም። ሥራ አስኪያጅ ሳይሾም፣ ወንበርና ጠረጴዛ ሳይገዛ፣ ይህ ሰው አስቀድሞ መስኮቱ ላይ ተቀምጦ ይጠብቃችኋል። መነጽሩን ወደ አፍንጫው ጫፍ ያወርዳል፤ ወረቀታችሁን ከላይ እስከ ታች ያያል፤ ፊርማው ጎድሏል፣ ማህተሙ ደብዝዟል፣ ቀኑ አይነበብም ይላችኋል። እናንተም የወጣችሁበትን ደረጃ እየረገማችሁ ትወርዳላችሁ። በዕድሜዬ ብዙ እንዲህ ያሉ ሰዎች አጋጥመውኛል፤ ሁሉም ግን ገና ተለማማጆች ነበሩ። የሁሉም የበላይ የሆኑትን ክብርት ያገኘኋቸው በአንድ ሆስፒታል ካርድ ክፍል፣ መስኮት አራት ላይ ነው።

ስማቸውን እስከ መጨረሻው አላወቅሁም። ከዘበኛው እስከ ቀዶ ሐኪሙ ሆስፒታሉ በሙሉ «እትዬ ይመለስ» ነው የሚላቸው፤ ፊት ለፊት ግን ማንም ደፍሮ አይጠራቸውም። ሥራቸው ሐኪም የጻፈውን ሕመም ወደ ኮድ መለወጥ ነው። እያንዳንዱ በሽታ፣ እያንዳንዱ አደጋ፣ እሳቸው ክንዳቸውን በሚያስደግፉበት ወፍራም መጽሐፍ ውስጥ የራሱ ፊደልና ቁጥር አለው። የጤና መድን ቢሮው ሐኪሙንም በሽተኛውንም አያምንም፤ የሚያምነው ያችን ቁጥር ብቻ ነው። ቁጥሯን የሚሰጡት ደግሞ እሳቸው ናቸው። ነገሩ ካልጣማቸው አንዲት ቃል ከአፋቸው ትወጣለች፦ «ይመለስ!»

ስለ እሳቸው የሚወራው ብዙ ነው። የሆስፒታሉን ዋና ሐኪም ቀኝና ግራ አልለዩም ብለው ሦስት ጊዜ እንደመለሷቸው የጽዳት ሠራተኞቹ ሳይቀሩ ይተርካሉ። አንዲት ባልደረባቸው የልጇን የሰርግ ጥሪ ብትሰጣቸው፣ «እሑድ ይላል፤ ቀኑ ግን ቅዳሜ ነው የሚውለው። ይመለስ!» አሏት ይባላል። ጥሪው ታርሞ እንደገና ታተመ። ሰርጉ ላይ ከሁሉም ቀድመው የተገኙትም እሳቸው ነበሩ አሉ።

እኔ እጃቸው ላይ የወደቅሁት በክርኔ የተነሳ ነው። የቀኝ ክርኔ ከተሰበረ ሁለት ዓመት አልፎታል። በጀሶ ታሰረ፣ ተፈታ፣ አጥንቱ ገጠመ፤ በራጅ ሲታይ ያማረ ነው። ክንዴ ግን አልዘረጋ አለኝ። ሸሚዝ እለብስበታለሁ፣ ማንኪያ አነሳበታለሁ፤ ከራሴ በላይ ያለ ዕቃ ግን የሌላ ሰው ንብረት ሆነብኝ። ከራሴ በላይ ደግሞ በጣም የምፈልገው አንድ ነገር ነበር፤ ቁም ሳጥን አናት ላይ የተቀመጠ ሻንጣ። ሐኪሙ አገላብጦ አየኝና፣ «ሃያ ቀን ፊዚዮቴራፒ ቢሠሩ ይዘረጋል። ከዚህ በላይ ከቆየ ግን እንደ ደረቀ ይቀራል» አለኝ። ፊዚዮቴራፒውን የሚፈቅደው መድን ቢሮው ነው። መድን ቢሮው ኮድ ይፈልጋል። ኮድ ያለው መስኮት አራት ነው።

የመጀመሪያው ቀን ሐኪሙ «የክርን ስብራት» ብሎ ጽፎልኝ ሄድኩ። እትዬ ይመለስ ወረቀቱን አዩ፤ ክንዴን አዩ።

«ጀሶው የታለ?»

«ከተፈታ ሁለት ዓመት ሊሞላው ነው።»

«ታዲያ ዛሬ ምኑ ተሰብሮ ነው? ይሄን ብልክላቸው አዲስ ስብራት መስሏቸው ጀሶ ነው የሚፈቅዱልዎ። ጀሶ ይፈልጋሉ?»

«ኧረ አልፈልግም።»

«ይመለስ!»

በማግስቱ ሐኪሙ «የዳነ ስብራት» ብሎ አስተካከለው። «ከዳነማ ምን ሊያደርጉ መጡ?» አሉኝና መለሱኝ። ሦስተኛው ቀን ሐኪሙ ተናዶ ሁለቱንም ጻፈው፤ ከላይ የድሮውን ስብራት፣ ከሥሩ የክርን አለመዘርጋትን። አሁንስ ተገላገልኩ ብዬ እየሮጥኩ ሄድኩ።

«ተገልብጧል» አሉኝ። «ወንድሜ፣ ዛሬ ያለብዎ ምንድን ነው? አለመዘርጋቱ። እሱ ከላይ ይሁን። ይሄን ጥሎብዎ የሄደውስ? ስብራቱ። እሱ ከሥር፣ የቀሪ ጉዳት ምልክት ተደርጎበት። ይመለስ!»

አራተኛው ቀን ቀኝ ይሁን ግራ አልተጻፈም ተባልኩ። ከዚያ በኋላ ሐኪሙ ከሩቅ ሲያየኝ ወደ መጸዳጃ ቤት መሮጥ ጀመረ።

አምስተኛው ቀን ሁሉም ነገር በቦታው ነበር። እትዬ ይመለስ ብዕራቸውን አነሱ። ማህተሙን በዓይኔ እየፈለግሁ ሳለ ብዕራቸው አየር ላይ ቆመ።

«ሰበቡ የለም እኮ። ‹ወደቀ› ብቻ ነው የሚለው። ከምን ላይ?»

«ከወንበር።»

«ወንበር ላይ ምን ሊያደርጉ ወጡ?»

«አምፖል ልቀይር።»

ለሁለት ዓመት ለጠየቀኝ ሁሉ የምሰጠው መልስ ይኸው ነበር። አምፖል ያለ ሰው ተጨማሪ ጥያቄ አይጠየቅም። እሳቸው ግን የድሮ ካርዴን አስወጥተው ኖሮ ከመጽሐፉ ሥር ሳቡት።

«ያን ቀን የተቀበለችዎ ነርስ ዳር ላይ ‹ከቁም ሳጥን አጠገብ› ብላለች። ቁም ሳጥን ላይ አምፖል አይሰቀልም። ያኔ ሊጠየቁ ይገባ ነበር፤ ማንም አልጠየቀዎትም። እኔ እየጠየቅሁ ነው።»

ተያዝኩ። «ሻንጣ ላወርድ ነበር» አልኩ። «የእህቴን።»

እታለም ታላቅ እህቴ ናት። እናታችን ከሞተች ጀምሮ ያሳደገችኝ እሷ ናት። ልብስ ሰፊ ነበረች፤ እኔ ፊደል የቆጠርኩት በመኪናዋ ኳኳታ ነው። የስፌት ዕቃዋ ሁሉ እዚያ ሻንጣ ውስጥ ነው። ከተቀበረች ሦስት ሳምንት እንደሆናት አንድ ከሰዓት በኋላ ቤቱ ጭር ሲልብኝ፣ እጇ የነካውን ነገር ልንካ ብዬ ወንበር ሳብኩ። የሳብኩት ደግሞ ያችን እግሯ የላላውን ነው። እታለም አሥራ አንድ ዓመት ሙሉ «ይቺን ወንበር አሠራት፣ አንድ ቀን ትጥልሃለች» ስትለኝ ኖራለች። ጣለችኝ። ወለሉ ላይ ተዘርግቼ መጀመሪያ የመጣልኝ ሐሳብ እታለም ብትሰማ እንዴት ትቆጣኛለች የሚል ነበር። ቀጥሎ የመጣልኝ፣ እንደማትቆጣኝ ነው። ጎረቤቶቼ ሻንጣውን እናውርድልህ ብለውኛል፤ እምቢ አልኩ። በራሴ እጅ ላወርደው ነበር የፈለግሁት። በጣም ናፍቃኛለች።

ይህን ሁሉ መስኮት አራት ላይ ተደግፌ ተናገርኩት። ከኋላዬ ሰልፈኛው «ኧረ ይንቀሳቀሱ አባቴ!» እያለ ነው። እትዬ ይመለስ እጃቸውን ወደ ላይ አነሱ።

«ዝም በሉ! ሰበብ እየተመዘገበ ነው!»

ሰልፉ ጸጥ አለ። ቀስ ብለው ጻፉ። ጽፈው ሲጨርሱ፣ «ወንበሯን አሠሯት?» አሉኝ። ቅጹ ላይ እንዲህ የሚል ቦታ የለም፤ ተንጠራርቼ አይቻለሁ።

«አላሠራኋትም።»

«ያሠሯት።»

ማህተሙ ሲያርፍ ሌላ ስጋት መጣብኝ። «ሁለት ዓመት አልፎታል እኮ። ጊዜው አልፏል አይሉኝም? ቀሪ ጉዳት የሚጻፈው እስከ መቼ ነው?»

«ቀሪው እስካለ ድረስ ነዋ። ገደብ የለውም።»

መድን ቢሮው በሳምንቱ ፈቀደ። ሃያ ቀን ስጎተት፣ ስታሽ፣ የእንጨት ዘንግ ስገፋ ከረምኩ። ወንበሯንም አናጢ ዘንድ ወስጄ አሠራኋት፤ አሁን ሁለት ሰው ብትሸከም አትነቃነቅም። በሃያ አንደኛው ቀን ወጣሁባትና ሻንጣውን በገዛ እጄ አወረድኩት። መቀስ፣ ጠመኔ፣ ክር፣ ሜትር፣ ከሥሩ ደግሞ አንዲት የልኬት ደብተር። የመጀመሪያው ገጽ ላይ ያለው የእኔ ልክ ነው። ከሰባት ዓመቴ ጀምሮ በየዓመቱ ወገቤን፣ ትከሻዬን፣ የእጄን ርዝመት ጽፋለች። ሜትሯን አውጥቼ ክንዴን ለካሁት። እታለም በመጨረሻ ከለካችው ሦስት ጣት ያጥራል። ወለሉ ላይ ቁጭ ብዬ እየሳቅሁ አለቀስኩ።

ይህን የምነግረው ሰው ስፈልግ፣ ትዝ ያሉኝ ሰው እትዬ ይመለስ ሆኑ! የክትትል ወረቀቴን ሰበብ አድርጌ፣ ደብተሯን በብብቴ ይዤ ሄድኩ። መስኮት አራት ላይ የማላውቀው ሠራተኛ ተቀምጧል። ባለፈው ወር ጡረታ ወጡ አለኝ። ወረቀቴን ተቀበለ፤ ሁለት ጊዜ ኮምፒውተሩን ነካ ነካ አደረገ፤ ማህተሙን መታና መለሰልኝ። አንድ ደቂቃ አልፈጀም። ምንም አልጠየቀኝም። ዓለም ሁሉ የሚመኘው አገልግሎት ነው፤ እኔን ግን ከፋኝ።

ሄድ ካልኩ በኋላ ወረቀቱን አየሁት። «የዳነ» ይላል። ሰልፉን ሰንጥቄ ተመለስኩ።

«ይመለስ!» አልኩት።

«ምኑ ነው የሚመለሰው?»

«ድኗል ብለሃል። ሦስት ጣት ይቀረዋል።»

ሠራተኛው ቀና ብሎ አየኝ። ከኋላዬ ያሉት ማጉረምረም ጀምረዋል። «አባቴ፣ የድሮ ነገር እኮ ነው» አለኝ። «አሁንም ይጻፍ?»

ደብተሯን አጠበቅ አድርጌ ያዝኳት።

«ይጻፍ» አልኩት። «ገደብ የለውም።»