የጆንያው ድንኳን ቁልፍ

ሰው ቤት የሚያስፈልገው ለመተኛት ይመስለዋል። እንቅልፍማ የትም ይገኛል፤ ሰቆጣ ገበያ መሃል ጆንያቸው ላይ ተጋድመው የሚያንኮራፉ ስንት ከጽጽቃ የመጡ ነጋዴዎች አይቻለሁ። እኔን ከጠየቃችሁኝ ቤት የሚያስፈልገው ለማልቀስ ነው። ሰው ሲሞትባችሁ ድንኳን የምትተክሉበት፣ ደረታችሁን እየደቃችሁ «ወየው!» ብትሉ «ኧረ ቀስ በሉ» የሚላችሁ የሌለበት ደጅ ከሌላችሁ፣ ቤት አለኝ አትበሉ። ተከራይ አፉን ሞልቶ አያለቅስም። ይኸን ማን አስተማረሽ እንዳትሉኝ። መሠረተ ትምህርት ያስተማረኝ ፊደሉን ነው፤ የቀረውን ያስተማረኝ የአጥሬ ቀዳዳ ነው።

ደርግ ወድቆ ሰቆጣ የዞን ከተማ ስትሆን እልል ብለናል። ከዚያ መሥሪያ ቤት መጣ፣ መሥሪያ ቤት ሠራተኛ አመጣ፣ ሠራተኛ ኪራይ አስወደደ። ትናንት በግ ይታሰርበት የነበረው ክፍል ኖራ ተቀብቶ የባለሙያ መኖሪያ ሆነ። ድሃው በጉን ተከትሎ ወጣ።

ከአጥሬ ማዶ የምትከራየው ዝፋን ባሏ ወልዴ የሞተባት በዚያ ሰሞን ነው። በሳልስቱ አከራይዋ መጣና «ድንኳኑ የሌሎቹን ተከራዮች መተላለፊያ ዘጋ» ብሎ አስነሣው። ለቀስተኛው ንፍሮውን በእጁ እንደያዘ መንገድ ላይ ተበተነ። ዝፋን አላለቀሰችም። ነጠላዋን አፏ ላይ አድርጋ፣ «እኔ ስሞትስ የት ልታስቀምጡኝ ነው?» አለችኝ።

ቀበሌ ሄዳ ቦታ ጠየቀች። «ተራሽን ጠብቂ» አሏት። ተራ ደግሞ እንደ ዋግ ዝናብ ነው፤ ደመናውን ያሳያችኋል።

ነገሩን ያነሡት ግንበኛው አያ ሞላ ናቸው። «ለአጨዳ ደቦ ስንወጣ የማንን ፈቃድ ጠየቅን? ግድግዳስ ከጤፍ በምን ይከብዳል?» አሉ። ከከተማው ጠርዝ ፍየል እንኳ የናቀችው ድንጋያማ ቦታ ነበረ። እዚያ ለዝፋን ቤት ልንሠራ ተስማማን። አያ ሞላ አንድ ነገር ብቻ አጥብቀው ያዙ፦ ሊቀመንበር አይኖርም፣ ማኅተም አይኖርም። «ራስ ያለውን ነገር ራሱን ይመቱታል። እኛ ጉንዳን እንሁን።» ሆንን። ሁሉም አዛዥ፣ ሁሉም ታዛዥ። የለቅሶ ድንኳናችንም እንደኛው ነበር፤ ከእርዳታ ስንዴ ጆንያ የሰፋነው፣ ዛሬ እኔ ቤት ነገ ሌላዋ ቤት የሚያድር። የት እንዳለ የጠፋብን ቀን አልነበረም።

የወልዴ ሙት ዓመት ሲደርስ ድንኳኑን ሄደን ያ ድንጋያማ ቦታ ላይ ተከልነው። ተዝካር የሚከለክል ቀበሌ ገና አልተወለደም። ውስጡን በመጋረጃ ለሁለት ከፈልነው፤ ከመጋረጃው ወዲህ ቄሱና ለቀስተኛው፣ ከመጋረጃው ወዲያ አያ ሞላና ወንዶቹ ጭቃና ድንጋይ ይዘው። እኛ ሴቶቹ ደግሞ በኽምጣንኛ፣ በአገራችን የአገው ቋንቋ፣ ሙሾ እናወርዳለን። ያ ሙሾ ቢተረጎም «ድንጋይ አቀብሉ፣ ጭቃው ቀጠነ፣ ጉበኑን ከጓሮ አምጡ» ነው። ዜማው ግን አንጀት ይበላል።

የቀበሌው ካድሬ ለማስተዛዘን መጣ። የጎንደር ልጅ ነው፤ ከኽምጣንኛ ሰላምታውን እንኳ አያውቅም። ቆሞ አዳመጠና ዓይኑን ጠረገ።

«እናቴ፣ ምን ዓይነት ሰው ቢሆን ነው እንዲህ የሚለቀስለት?»

«እንደ ግንብ የሚደገፉት ሰው ነበር፣ ልጄ» አልኩት። ውሸት አለበት?

የበግ አጎዛ አንጥፈን አስቀመጥነው። በላ፣ ጠጣ፣ ተጨመረለት። የተቀመጠበት ድንጋይ ደግሞ አያ ሞላ ለማዕዘን ጠርበው ያዘጋጁት ነበርና፣ በመጋረጃው ቀዳዳ ብቅ እያሉ ይገላምጡኛል፤ እኔ ምን ላድርግ? እንግዳ አይነሣም። ጥግብ ብሎ ሲሄድ ድንጋዩ ገና ሳይቀዘቅዝ ግድግዳው ውስጥ ገባ።

በሦስተኛው ቀን ድንኳኑ ሲነሣ ከሥሩ ቤት ወጣ። እንደ ጫጩት።

ካድሬው ሁላችንንም ሰበሰበን። «መሪያችሁ ማነው?» እርስ በርስ ተጠቋቆምን። «እኮ ማነው ያዘዛችሁ?»

«ሟቹ» አሉ አያ ሞላ።

«አናርኪስቶች!» ብሎ ጮኸ። ያኔ ሳቃችን ተቆረጠ። እሱ ከመጽሐፍ ያገኘው ቃል ይሆናል፤ እኛ ግን በደርግ ጊዜ እናውቀዋለን። ያ ቃል የተለጠፈበት ልጅ ለራት አይመለስም ነበር። ዝፋን ግን ብድግ አለች።

«አፍርሰው ልጄ፤ መንግሥት ነህ። ግን ተዝካር የበላህበት ቤት ነውና መጀመሪያ የበላኸውን መልስ።»

ካድሬው ምንም ሳያፈርስ ሄደ፤ ቤቱ ቆመ። ከአጠገቡ ሌላ፣ ከዚያም ሌላ ተሠራ፤ የሙት ዓመት የሌለው ሰው መቼም የለም። መንደር ሆንን።

መንደር ስንሆን ጊዜ የቀበሌው ሰዎች መጡ። አሁን በቁጣ አይደለም፣ በፈገግታ ነው። «ተደራጁ፣ ሊቀመንበር ምረጡ፣ ቦታው በስማችሁ ይሁንላችሁ» አሉን። ደስ አለን፤ ለምን እዋሻለሁ? አያ ሞላ «ተዉ፣ ጉንዳን ማኅተም አይዝም» አሉ። «አንቱ ካልመሩን ማን ሊመራን ነው?» ብለን አፋቸውን በጭብጨባ ዘጋነው። እሳቸው ሊቀመንበር ሆኑ፤ ማኅተሙ መጣ። ድንኳኑም የማኅበሩ ንብረት ተባለና፣ መጋዘን ገባ፣ ተቆለፈበት። ቁልፉ የሊቀመንበሩ ሆነ።

ዝፋን የሞተችው በግንቦት ነው፣ በገዛ ቤቷ፣ በገዛ አልጋዋ። አያ ሞላ የሊቀመናብርት ሥልጠና ተብለው ቁልፉን እንደያዙ ባሕር ዳር ሄደዋል። ድንኳኑን ልናወጣ መጋዘኑ ደጅ ተሰብስበን ቆምን።

«ሰብረን እናውጣው» አለ አንዱ።

«የማኅበር ንብረት እኮ ነው!» አለች ሌላዋ። «ያለ ቃለ ጉባኤ ማን ይነካዋል? ነገ ማን ሊጠየቅ ነው?»

የበሩን ቁልፍ ታውቁታላችሁ፣ ያ ከሱቅ የሚገዛው፣ ልጅ በድንጋይ ቢመታው የሚወድቀው። ማንም ድንጋይ አላነሣም። በካድሬው አፍንጫ ሥር ቤት ያቆምን ሰዎች፣ የገዛ ቁልፋችንን ፈርተን ተመለስን።

ዝፋንን በጠራራ አለቀስናት። ሽማግሌዎቹ በግድግዳው ጥላ ተለጥፈው ጥላው ሲሸሽ አብረው ሸሹ፤ ነፍሰ ጡሮቹ ሳይቀመጡ ሄዱ፤ ንፍሮው ሳያልቅ ደጁ ባዶ ሆነ። ሳልስቷን እንኳ አልደፈነች። አከራይ አላስነሣትም፤ ያን ያህሉን አግኝታለች። ያስነሣን ፀሐይ ነው።

አያ ሞላ ከመኪና ወርደው በቀጥታ ወደ ዝፋን ደጅ መጡ። ሻንጣቸውን እንኳ አላስቀመጡም። የማዕዘኑ ድንጋይ ላይ እጃቸውን አሳረፉ። ከዚያ ቁልፉን ከኪሳቸው አወጡና ዘረጉልን።

«እንኩ። ማን ይያዘው?»

ማንም እጁን አልዘረጋም። ያ ድንኳን በስንታችን ቤት አድሮ ነበር! እኔም እጄ ነጠላዬ ውስጥ ነበረ፤ አላወጣሁትም። ከኋላ አንድ ድምፅ፣ «ስብሰባ ይጠራና ይወሰን» አለ።

አያ ሞላ ቁልፉን መልሰው ኪሳቸው ከተቱት። ስብሰባው እስካሁን አልተጠራም።